ፊት የሌላቸው አዋቂዎች

ኪነ ጥበብም እንደ ሰው ቤት እልፍኝና ጓዳ አላት። በእልፍኙ ቅኔው፣ ትራዤዲው፣ ታሪካዊው ልብ ወለድ እንደየማዕረጉ ተቀምጦ እንግዳ ይቀበላል። በጓዳው ደግሞ የወንጀል ታሪኩ፣ የጀብዱ ወሬው፣ ሕፃኑን የሚያስበረግገውና አዋቂውን የሚያስቀው የሙት መንፈስ ተረት ጭስ ውስጥ ሆኖ ይሠራል። ሐያሲ በእልፍኝ በር ይገባል፤ ሕዝቡ ግን ብዙውን ጊዜ የሚመገበው ከጓዳ የወጣውን ነው። ስለ ጓዳው ሠራተኛ የሚጻፈው ስለ እልፍኙ ባለሟል ከሚጻፈው እጅግ ያነሰ ስለሆነ፣ አብዛኛውን የሥራ ዘመኑን በጓዳ አሳልፎ እዚያው ሳለ ታላቅ ቁም ነገር ስለ ተናገረ አንድ የሜክሲኮ የፊልም ጸሐፊና አዘጋጅ ጥቂት ለማለት አስቤአለሁ።

ሰውዬው ካርሎስ ኤንሪኬ ታቦዋዳ ይባላል። በ1929 ሜክሲኮ ከተማ ውስጥ ተወለደ፤ በ1997 በዚያችው ከተማ ዐረፈ። (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ለሌሎች አዘጋጆች የጻፋቸው ፊልሞች ብዙ ናቸው፤ ስሙን ያቆሙለት ግን ራሱ ጽፎ ራሱ ያዘጋጃቸው አራት አስፈሪ ፊልሞች ናቸው። እነዚህም በ1968 የወጣው «ነፋስ እንኳ ይፈራል»፣ በ1969 የወጣው «የድንጋይ መጽሐፍ»፣ በ1975 የወጣው «ከሌሊት የጠቆረ»፣ እንዲሁም በ1980ዎቹ አጋማሽ የታየው «ለአዳዎች መርዝ» ናቸው።

የአዲስ አበባ ነዋሪ የሜክሲኮን ስም ሳይጠራ የሚውልበት ቀን ጥቂት ነው። በሜክሲኮ አደባባይ ታክሲ ይጠብቃል፤ ይቀጣጠራል፤ ይሰነባበታል። ስሙ የወዳጅነት ምስክር ነው፤ ፋሺስት ጣሊያን ኢትዮጵያን በወረረ ጊዜ ሜክሲኮ ወረራውን ካልተቀበሉት ጥቂት አገሮች አንዷ ነበረችና። በሜክሲኮ ከተማም በ1980 የተከፈተ «ኢትዮጵያ» የሚል ስም የያዘ የምድር ውስጥ ባቡር ጣቢያ አለ። ሁለቱ ከተሞች በስም እንዲህ ቢዛመዱም በጥበብ የሚተዋወቁት ከሩቅ ነው። የዲዬጎ ሪቬራን የግድግዳ ሥዕሎች የሥነ ጥበብ ተማሪ ያውቃቸዋል፤ የኹዋን ሩልፎን ስም የሥነ ጽሑፍ መምህር ይጠራዋል። የሜክሲኮ ሲኒማ ግን፣ ያውም የጓዳው ሲኒማ፣ ወደ እኛ የደረሰው በጥቂቱ ነው። እኔም ታቦዋዳን ያወቅሁት አንድ ወዳጄ ከባሕር ማዶ ይዞልኝ በመጣው የ«ለአዳዎች መርዝ» ቅጂ ነው። ፊልሙ ካለቀ በኋላ መብራት ሳላበራ ብዙ ተቀመጥሁ። ፍርሃትም ነበረብኝ፤ ከፍርሃቱ ይልቅ ያስቀመጠኝ ግን «ይህን የጻፈ ሰው ልጅነትን ከወዴት አውቆት ነው?» የሚለው ጥያቄ ነበር። ከዚያ ተነሥቼ የቀሩትን ሥራዎቹን አንድ በአንድ ፈልጌ ተመለከትሁ። ለአንባቢ ግን መንገዱን ከመነሻው መያዝ ይቀላል።

ታቦዋዳ የተዋንያን ልጅ ነው። አባቱ ኹሊዮ ታቦዋዳ፣ እናቱም አውሮራ ዎከር በሙያቸው ተዋንያን ነበሩ። እርሱም ሥራ የጀመረው በ1950ዎቹ ገና በዳዴ ላይ በነበረው የሜክሲኮ ቴሌቪዥን ሲሆን፣ ወዲያው ወደ ፊልም ጽሑፍ አለፈ። በዚያን ጊዜ «ወርቃማው ዘመን» እየተባለ የሚጠራው የሜክሲኮ ሲኒማ የክብር ወቅት እያበቃ ነበር። ታላላቆቹ ሥራዎች እየሳሱ ሲሄዱ ስቱዲዮዎቹ ግን ሥራ አልፈቱም፤ በአነስተኛ ገንዘብና በአጭር ጊዜ የሚሠሩ የነጻ ትግል ጀግኖች፣ የላም ጠባቂዎች፣ የደም መጣጮችና የዕብድ ሐኪሞች ፊልሞች በላይ በላዩ ይመረቱ ጀመር። ወጣቱ ጸሐፊ እንጀራውን ያገኘው ከዚህ ምድጃ ነው።

ከአልፍሬዶ ሩዋኖቫ ጋር በመሆን ከጻፋቸው መካከል ፌደሪኮ ኩሪየል ያዘጋጀው፣ ኸርማን ሮብሌስም ደም መጣጩን ሆኖ የተጫወተበት የኖስትራዳሙስ ተከታታይ ፊልም ይገኝበታል። የዚህ ሥራ አሠራር ለብቻው ሊነገር የሚገባው ነው። በዚያ ዘመን በሜክሲኮ ፊልም ሠራተኞች ዘንድ ሁለት ማኅበራት ነበሩ፤ ሙሉ ፊልም የመሥራት መብት የአንደኛው ማኅበር ብቻ ነበር። ሁለተኛው ማኅበር በሚሠራበት በአሜሪካ ስቱዲዮ፣ የሜክሲኮው ድርጅት ስሙ ነው፣ የሚፈቀደው አጫጭር ፊልምና ተከታታይ ክፍል ብቻ ሆነ። ስለዚህ አምራቾቹ ዘዴ ፈጠሩ፤ ታሪኩን በግማሽ ግማሽ ሰዓት ክፍሎች ከፋፍለው ይቀርጹና በኋላ ሦስት ሦስቱን ገጣጥመው ሙሉ ፊልም አድርገው ለሲኒማ ቤት ያቀርቡታል። ኖስትራዳሙስም በዚህ መንገድ ከዐሥራ ሁለት ክፍሎች አራት ፊልሞች ሆኖ ወጣ።

እንዲህ ዓይነቱ ሥራ ጸሐፊን ምን ያስተምረዋል? እኔ ራሴ በወጣትነቴ ለእንጀራዬ ስል ተከታታይ የሬዲዮ ድራማ እጽፍ ነበር፤ እያንዳንዱ ክፍል በዐሥራ አምስት ደቂቃ ውስጥ ተነሥቶ፣ ወጥቶ፣ አንድ በር ላይ መቆም ነበረበት። በሩ ካልተንኳኳ አድማጩ በሚቀጥለው ሳምንት አይመለስም። ከግጥም ለመጣ ሰው መጀመሪያ ባርነት ይመስላል። ከጊዜ በኋላ ግን የአድማጭን ትንፋሽ መቁጠር ማለት ምን እንደሆነ ጆሮህ ይለምደዋል፤ ቃል ሲበዛ ፍርሃት እንደሚሞት፣ ዝምታ በልክ ሲቀመጥ ደግሞ ከጩኸት እንደሚበልጥ ትረዳለህ። ታቦዋዳ በግማሽ ሰዓት ክፍሎች የቆጠረው ትንፋሽ በኋላ በራሱ ፊልሞች ውስጥ በግልጽ ይሰማል። በእርሱ ዘንድ በር የሚከፈተው ተመልካቹ «አትክፈቺው!» ለማለት በቂ ጊዜ ካገኘ በኋላ ነው።

በ1962 ደግሞ ከዚያው ከሩዋኖቫ ጋር የጻፈውን «የጠንቋይዋ መስታወት» የተባለ ፊልም ቻኖ ኡሩዌታ አዘጋጀው። ባሏ የገደላት ሴት አለች፤ ያሳደገቻት ጠንቋይም በመስታወት አማካይነት የገዳዩን ቤት ታናውጣለች። ፊልሙ የተሠራው በጥድፊያ ነው፤ በውስጡ ግን የታቦዋዳ የዘወትር ሐሳብ ዘር ተጥሎ ይታያል። ይኸውም ሙት የሚመለሰው ክፋት ስላማረው ሳይሆን በሕይወት ሳለ ስሞታውን የሰማለት ስላጣ ነው የሚለው ሐሳብ ነው። ከዚህ በኋላ ያለውን ሥራውን ሁሉ በዚህ ክር መከተል ይቻላል።

በ1960ዎቹ አጋማሽ ራሱ ማዘጋጀት ጀመረ፤ «ነፋስ እንኳ ይፈራል» የወጣውም ከዚያ በኋላ ነው። መቼቱ የልጃገረዶች አዳሪ ትምህርት ቤት ነው። ክላውዲያ የተባለችው ተማሪ በግቢው ማማ ውስጥ ተሰቅላ የምትታይ ልጅ በሕልሟ እየመጣች ታስጨንቃታለች፤ ሌሊት ነፋሱ ስሟን ይጠራል። ወደ ተከለከለው ማማ በመውጣቷ ምክንያት እርሷና ጓደኞቿ በዕረፍት ጊዜ ወደየቤታቸው እንዳይሄዱ በርእሰ መምህርቷ በቤርናርዳ ይቀጣሉ። በባዶው ትምህርት ቤት ውስጥ ቀስ በቀስ ምሥጢሩ ይወጣል። ከአምስት ዓመት በፊት አንድሬያ የተባለች ተማሪ የታመመች እናቷን ለማየት ፈቃድ ጠይቃ ነበር፤ ርእሰ መምህርቷም ደንብ አይጣስም ብላ ከለከለቻት፤ ልጅቱም በማማው ውስጥ ራሷን ሰቀለች። ነፋሱን ድምፅ ያደረገችው ያቺ ልጅ ናት። በፊልሙ መጨረሻ በዚያው ማማ ውስጥ ተሰቅላ የምትገኘው ርእሰ መምህርቷ ትሆናለች።

ይህን ታሪክ በወረቀት ለሚያነብ ሰው የበቀል ተረት መስሎ ይታየው ይሆናል። በሸራው ላይ ያለው ግን ከዚያ የጠለቀ ነው፤ ምክንያቱም ታቦዋዳ ቤርናርዳን ጭራቅ አላደረጋትም። ክፍሉን የተጫወተችው ማርጋ ሎፔስ በ1949 በ«ሳሎን ሜክሲኮ»፣ በ1959 ደግሞ በሉዊስ ቡኙኤል «ናሳሪን» ላይ የታየች፣ ሕዝቡ የሚወዳት ተዋናይት ናት። ተመልካቹ የሚያምነውን ፊት ሆን ብሎ ለጨካኟ ሰጣት። ቤርናርዳ አትጮኽም፤ አትማታም፤ በደንብ የምታምን፣ ልብሷ የጸዳ፣ አነጋገሯ የተለካ ሴት ናት። ግዴታዋን እንደፈጸመች እርግጠኛ ናት። ፊልሙን ያየሁ ሌሊት ያስፈራኝ የማማው ጥላ አልነበረም፤ ይህ የእርግጠኝነቷ ጸጥታ ነበር። መምህራን ይህን ፊልም ቢያዩ ከተማሪዎቻቸው ይልቅ ራሳቸው የሚወያዩበት ብዙ ነገር ያገኙበታል ብዬ አምናለሁ።

1968 ለሜክሲኮ ቀላል ዓመት አልነበረም። በዚያው ዓመት ኦክቶበር 2 ቀን ጸጥታ አስከባሪዎች በትላቴሎልኮ አደባባይ በተሰበሰቡ ተማሪዎችና ነዋሪዎች ላይ ተኩሰው ብዙዎችን ገደሉ። ዐሥር ቀን ቆይቶ የኦሊምፒክ ጨዋታ በዚያችው ከተማ ተከፈተ፤ የእኛ ማሞ ወልዴ ማራቶንን ያሸነፈበት ጨዋታ ነው። ፊልሙ ለትላቴሎልኮ የተሰጠ መልስ ነው ማለት አይቻልም፤ እንዲህ ዓይነቱን ማስረጃ አልባ ጥብቅና ሠሪውም አይሻውም። ይሁንና አንድ ሥራ ከተጻፈበት ሐሳብ ሌላ የሚታይበት ዘመን አለው። ወጣቶች ደንብን በሚያስከብሩ ሰዎች እጅ በወደቁበት ዓመት፣ ደንብ አክባሪዋ ሴት ለሞተች ተማሪ መልስ እንድትሰጥ የሚጠይቅ ፊልም በየሲኒማ ቤቱ ይታይ ነበር። ይህን መገጣጠም እያንዳንዱ ተመልካች በልቡ የሚመዝነው ነው።

በሚቀጥለው ዓመት የወጣው «የድንጋይ መጽሐፍ» ደግሞ ሌላ መንገድ ይዟል። አንድ ባለጸጋ፣ ሲልቪያ የምትባለውን ትንሽ ልጁን ታስተምርለት ዘንድ ኹሊያ የተባለች የቤት አስተማሪ ይቀጥራል። ልጅቱ ሁጎ የሚሉት ጓደኛ አለኝ ትላለች፤ ሁጎ ግን ከቤቱ አጠገብ በሐይቅ ዳር የቆመ፣ መጽሐፍ የያዘ የድንጋይ ልጅ ነው። አስተማሪዋን የተጫወተችው ያችው ማርጋ ሎፔስ ስትሆን፣ በዚህኛው ግን ሩኅሩኅ ናት፤ አባትየውም ኾዋኪን ኮርዴሮ ነው። የቤቱ ሰዎች ሁሉ ልጅቱን ይወዷታል። ጨዋታውን በሽታ ብለው ይሰይሙታል፤ መድኃኒትም ይፈልጉለታል፤ ስለ ልጅቱ ይመካከራሉ፤ ከልጅቱ ጋር የሚነጋገረው ግን ድንጋዩ ብቻ ነው። በመጨረሻ በሐውልቱ ሥፍራ የልጅቱ ምስል በድንጋይ ቆሞ እናያለን።

በዚህ ፊልም የሙያ ሰዎች ሊያስተውሉት የሚገባ ነገር አለ። አስፈሪ ነገር በጨለማ ይቀመጣል የሚለውን የዘወትር ልማድ ታቦዋዳ ወደ ጎን ብሎት፣ ብዙውን ፍርሃት በቀን ብርሃን፣ በአረንጓዴ መስክና በጸጥተኛ ውኃ ዳር አድርጎታል። ደም የሚፈስበት ትዕይንት ፈልጎ ማግኘት ያስቸግራል። ሐውልቱ አይንቀሳቀስም፤ ካሜራው ግን ቆም ብሎ ሲያየው የሚንቀሳቀስ እየመሰለን እንጠብቃለን። እኛ የመድረክ ሰዎች በጀት አነሰን ስንል ለምንማረር ሁሉ ይህ ድንጋይ ብዙ ይነግረናል። ከአንድ የቆመ ሐውልትና ከአንዲት እውነተኛ ልጅ ንግግር ሌላ ምንም ሳያስፈልገው የተመልካችን ልብ ይዞ ይዘልቃል።

«ከሌሊት የጠቆረ» ወደ ወጣት ሴቶች ዓለም ይወስደናል። ኦፌሊያ ከአክስቷ የወረሰችው ቤት አንድ ግዴታ አለበት፤ የሟቿን ጥቁር ድመት መንከባከብ። ከሦስት ጓደኞቿ ጋር ትገባለች፤ ድመቷ ትገደላለች፤ ጓደኛሞቹም ነገሩን ይሸፋፍኑታል፤ ከዚያ በኋላ የአክስቲቱ ጥላ በቤቱ መመላለስ ይጀምራል። ከአራቱ መካከል እኔን በመጠኑ የያዘኝ ይህኛው ነው፤ በቀሉ ከጥፋቱ ስለሚከብድ ሚዛኑ ያጋድላል። ሆኖም አንድ እውነት በውስጡ አለ። ሴቶቹን ወደ ጥፋት የሚነዳቸው ድመቷን መግደላቸው ብቻ አይደለም፤ ስለ ገደሏት ተስማምተው መዋሸታቸው ጭምር ነው። በአራት ሰው ስምምነት የተቀበረ ውሸት ከመቃብሩ እንደሚነሣ ታቦዋዳ በጥሩ አሳይቷል።

በዚያን ጊዜ የሜክሲኮ ሲኒማ ራሱ ተለውጦ ነበር። ከ1970 እስከ 1976 በፕሬዚዳንት ሉዊስ ኤቼቬሪያ ዘመን መንግሥት በፊልም ኢንዱስትሪው ውስጥ እጁን አጠንክሮ አስገባ፤ እንደ አርቱሮ ሪፕስታይንና ፌሊፔ ካሳልስ ያሉ ወጣት አዘጋጆች ከባድ ከባድ ጉዳዮችን ይዘው ወጡ። የሐያሲውም ዓይን ወደ እነርሱ ዞረ። ታቦዋዳም በአስርቱ ዓመታት መጨረሻ ከ1926 እስከ 1929 በካቶሊክ ታጣቂዎችና በመንግሥት መካከል ስለ ተካሄደው የክሪስቴሮዎች ጦርነት «ቅዱሱ ጦርነት» የተባለ ፊልም አዘጋጀ። ስለዚህ ታሪካዊ ሥራ መሥራት ተስኖት በአስፈሪ ፊልም ተወሰነ የሚለውን አስተያየት ይህ ፊልም ብቻውን ያፈርሰዋል። ወደ እልፍኝ የሚያስገባውን በር ያውቀው ነበር። ከዚያ ተመልሶ ግን ከሥራዎቹ ሁሉ ጠንካራውን የሠራው በዚያው በጓዳው ውስጥ ነው።

ይህም «ለአዳዎች መርዝ» ነው። «አዳ» በስፓኝኛ ተረት ለሕፃናት በጎ የምታደርግ ረቂቅ ፍጡር ናት፤ የጠንቋዮች ጠላት ናት። እዚህ ላይ እንደ ቋንቋ ሠራተኛ አንድ ነገር ልበል። የስፓኝኛው ቃል በአማርኛ «ጠንቋይ» ተብሎ ቢተረጎም ሐሳቡ በከፊል ይጎድላል፤ የእኛ ጠንቋይ ገንዘብ ተቀብሎ ዕጣ የሚያይ፣ ደንበኛ ያለው ሰው ነው። በፊልሙ ያለችው ልጅ የምትመኘው ግን ከመተተኛ ይበልጥ የቀረበ ነገር ነው፤ ሰው ሁሉ የሚፈራት፣ ማንም የማይደፍራት መሆንን ትሻለች። ለምን ይህን እንደምትሻ ለመረዳት ሕይወቷን ማየት ይበቃል።

ቬሮኒካ ወላጆች የሉአትም፤ ከአያቷና ከሞግዚቷ ጋር ትኖራለች፤ ሞግዚቷም የጠንቋይ ተረት እየነገረች አሳድጋታለች። ወደ ትምህርት ቤቱ አዲስ የገባችው ፍላቪያ ግን ሀብታም ወላጆች፣ ውብ አሻንጉሊቶች፣ ቡችላና የገጠር ርስት አላት። ቬሮኒካ «እኔ ጠንቋይ ነኝ» ትላታለች። ፍላቪያ አታምናትም። ከዚያ ፍላቪያ የማትወዳት የፒያኖ አስተማሪ ትሞት ዘንድ ሁለቱ ልጆች አንድ ሌሊት ድግምት ይደግማሉ፤ ልበ ደካማዋ አስተማሪም በአጋጣሚ ትሞታለች። ከዚያች ቀን ጀምሮ ፍላቪያ የቬሮኒካ ምርኮኛ ትሆናለች። አሻንጉሊቷን ትሰጣለች፤ ወደ ርስታቸው ይዛት ትሄዳለች፤ በዚያም አዳዎችን የሚገድል መርዝ ለመቀመም እንሽላሊትና እንቁራሪት፣ የመቃብር አፈር ሲለቅሙ ይውላሉ። በመጨረሻም ቡችላዋን ስትጠየቅ ፍላቪያ የሰማችውን ተረት ሁሉ አስታውሳ፣ ጠንቋይ የምትጠፋው በእሳት ነው ብላ፣ ቬሮኒካን በድርቆሽ ጎተራ ውስጥ ዘግታ እሳት ትለቅባታለች። ከውስጥ ጩኸት ይሰማል። ፍላቪያ ቆማ ታያለች።

በዚህ ፊልም ሁሉ የአዋቂዎቹን ፊት ካሜራው ከሞላ ጎደል ሁልጊዜ ይሸሸዋል። እጅ እናያለን፤ የቀሚስ ጫፍ እናያለን፤ ጀርባ፣ ጫማ፣ ከላይ የሚመጣ ድምፅ እንሰማለን፤ ፊት ግን የለም። በመጀመሪያ የሙያ ብልሃት መስሎ ይታያል። ከግማሽ ሰዓት በኋላ ግን በልጅ ቁመት ቆመን እንደምናይ ይገባናል። እናትየው ደግ ናት፤ አባትየው ሥራ ይበዛበታል፤ ፍላቪያ ፈርታ ስትጠይቃቸው «ጠንቋይ የሚባል ነገር የለም» ይሏታል፤ ትክክልም ናቸው። ይህ ትክክለኛ መልስ ግን ለልጅቱ ምንም አልረባትም፤ የጠየቀችው ስለ ጠንቋይ መኖርና አለመኖር አልነበረምና። «በእኔ ምክንያት ሰው ሞተ ወይ?» ነበር ጥያቄዋ። ያንን ጥያቄ ጎንበስ ብሎ የሰማ ፊት በፊልሙ ውስጥ የለም።

በአገራችን «ልጅ ያቦካው ለእራት አይበቃም» የሚል ተረት አለ። «ከልጅ ጋር አትጫወት፣ ይወጋሃል በእንጨት» የሚልም አለ። እነዚህን ሁለት ተረቶች ጎን ለጎን አስቀምጬ ስመለከታቸው የታቦዋዳን ፊልም አገኛለሁ። የመጀመሪያው ልጅን ይንቃል፤ ሁለተኛው ልጅን ይፈራል፤ ሁለቱም ልጁን አይጠይቁትም። ልጅን ለማስተኛት «አያ ጅቦ መጣልህ!» የሚል ሰው ሁሉ የቬሮኒካን ሞግዚት ሥራ በጥቂቱ ሠርቷል። ፍርሃትን ለልጅ እንሰጠዋለን፤ ከዚያ በኋላ ግን ልጁ ፍርሃቱን ምን እንዳደረገበት አንከታተልም። ቬሮኒካ የተሰጣትን ፍርሃት መሣሪያ አደረገችው። ፍላቪያ ደግሞ የመጨረሻ ፍርድ አደረገችው።

ከጥቂት ዓመታት በፊት በአንድ የወጣቶች የቴአትር ክበብ ውስጥ ለዐሥራ አንድና ለዐሥራ ሁለት ዓመት ልጆች ተውኔት ሳዘጋጅ፣ በጣም የሚያስፈራቸውን ነገር ስም ሳይጽፉ በወረቀት እንዲያሰፍሩ ጠየቅኋቸው። ወረቀቶቹን ሰብስቤ ማታ አነበብሁ። ጅብ የጻፈ አንድ ልጅ ነበር። ሌሎቹ የጻፉት የበር ቁልፍ ሲዞር የሚሰማውን ድምፅ፣ እናትና አባት ሳይነጋገሩ የሚበሉበትን እራት፣ ፈተና የሚመለስበትን ቀን ነበር። አንዷ «ሙሉ ስሜ ከነአያቴ ሲጠራ» ብላ ጽፋ ነበር። በዚያች ዐረፍተ ነገር ውስጥ አንድ ሙሉ ፊልም አለ። ወረቀቱን እስከ ዛሬ አስቀምጬዋለሁ፤ የሚያስፈራ ነገር ለመጻፍ ስቀመጥ አውጥቼ አየዋለሁ።

«ለአዳዎች መርዝ» በ1986 በሜክሲኮ የፊልም አካዳሚ የሚሰጠውን የአሪዬል ሽልማት በምርጥ ፊልምነትና በምርጥ አዘጋጅነት አገኘ። የጓዳው ሠራተኛ በእልፍኝ በር ተጠርቶ ገባ ማለት ነው። ታቦዋዳ በዚያን ጊዜ ከሃምሳ አምስት ዓመት በላይ ሆኖት ነበር። ሽልማቱ የቀድሞ ሥራዎቹን ወደ ኋላ ተመልሶ አላከበራቸውም፤ ያከበራቸው ሕዝቡ ነው። ፊልሞቹ በቴሌቪዥን እየተደጋገሙ ከእናት ወደ ልጅ ተላለፉ። ከሞቱም በኋላ በ2007 «ነፋስ እንኳ ይፈራል»፣ በ2009 «የድንጋይ መጽሐፍ»፣ በ2014 ደግሞ «ከሌሊት የጠቆረ» በሌሎች አዘጋጆች እንደገና ተሠሩ። አዲሶቹ ሠሪዎች እርሱ ያላየው መሣሪያ ነበራቸው፤ የመጨረሻው በልዩ መነጽር የሚታይ ባለ ሦስት ገጽታ ፊልም ነበር። ተመልካች ሁለቱን ጎን ለጎን ሲያይ ግን የሚያስፈራው የሚታየው ነገር ብዛት እንዳልሆነ ለመረዳት ጊዜ አይፈጅበትም።

የዚህ ሰው ሕይወት ለእኛ ለጸሐፊዎች የሚለው ምንድን ነው? ብዙ ጊዜ ስንሰበሰብ የምንከራከረው በየትኛው ቅርጽ እንጻፍ በሚለው ላይ ነው፤ ቅኔ ይበልጣል፣ ተውኔት ይበልጣል፣ ሕዝብ የሚወደው ቀላል ነው፣ ከባዱን ሕዝብ አይወደውም እንላለን። ታቦዋዳ በዚህ ክርክር ውስጥ አልገባም። ለሌሎች ሲጽፍ እጁን አሠለጠነ፤ ተራው ሲደርስ በሠለጠነው እጁ የራሱን ጥያቄ ያዘ፤ ያንኑ አንድ ጥያቄ በሃያ ዓመት ያህል ጊዜ ውስጥ ደጋግሞ ጠየቀ። ሳትሰማ የሞተችውን ተማሪ፣ ከድንጋይ ጋር ብቻ የምትነጋገረውን ልጅ፣ የሐሰት ጠንቋይዋንና ያመነቻትን ጓደኛዋን ወደ ሲኒማ ቤት አመጣ፤ ሕዝቡም ለመፍራት ገብቶ ሌላ ነገር ይዞ ወጣ። ሕዝብ የሚወደውን ቅርጽ ንቆ ስለ ሕዝብ መጻፍ እንደማይቻል ከዚህ የተሻለ ምሳሌ አላገኘሁም።

ለመምህርና ለወላጅ የሚለው ደግሞ አጭር ነው። ልጅ መጥቶ ሌሊት ነፋሱ ስሜን ጠራኝ ሲል፣ ነፋስ ስም አይጠራም ብሎ ማስረዳት ቀላል ነው፤ ሳይንሱም ከእኛ ጋር ነው። ከማስረዳቱ በፊት ግን ፊታችን በልጁ ዓይን ትይዩ እስኪሆን ጎንበስ ብለን፣ «ጠርቶህ ምን አለህ?» ብለን ብንጠይቅስ?